118,000 ጠመንጃ መጋዘን ውስጥ፣ የሚሸከመው ሰው ግን የለም

አምስተኛ_ፎቅ (ኮዬ ፈጬ) ዓርብ ማታ 4:10

ሰላም ለዚህ ቤት ሰዎች። ሃርትስ ኦፍ አይረን 4ን፣ የሁለተኛው የዓለም ጦርነት የኮምፒውተር ጌሙን፣ ኢትዮጵያን ይዤ ስጫወት ሦስተኛ ሳምንቴ ነው። (እኛ ሰፈር «ሆይ ፎር» ነው የሚባለው። ስልክ ላይ ለጓደኛዬ «ጃንሆይን ይዤ ሆይ ፎር ላይ ነኝ» ስለው እናቴ ሰምታ የምን ጸሎት ነው ብላ ጠይቃኛለች።)

ነገሩ እንዲህ ነው። ጌሙ የሚጀምረው ጃንዋሪ 1 ቀን 1936 ነው፤ በእኛ ታኅሣሥ 22 ቀን 1928። ማይጨው ሊደርስ ሦስት ወር ሲቀረው ማለት ነው። ጣሊያን በሰሜንም በደቡብም ገብቷል፣ ያሉህ ፋብሪካዎች በጣት ይቆጠራሉ፣ ጠመንጃ የለም። ስለዚህ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ያሰብኩት አንድ ነገር ብቻ ነው። ያገኘሁትን ፋብሪካ ሁሉ ጠመንጃ ላይ ጫንኩ። ሦስቴ ተሸንፌ በአራተኛው ተራራውን ይዤ ቆየሁ፣ ጣሊያንን አስወጣሁ፣ ከእንግሊዞች ጋር ገጠምኩ፣ በኋላም ሊቢያን ያዝኩ።

አሁን ማርች 1943 ላይ ነኝ። ትናንት ማታ መጋዘኑን ከፍቼ ሳየው 118,000 ጠመንጃ ትርፍ አለ። መድፍ 3,200 ትርፍ። የድጋፍ ቁሳቁስ 9,000 ትርፍ። ከዚያ ወደ ታች ስወርድ በቀይ፦ የጭነት መኪና 1,400 ጎድሏል። ባቡር 12 ብቻ። የሰው ኃይል 6,000። ወታደራዊ ፋብሪካ 31 አለኝ፤ 14ቱ እስካሁን ጠመንጃ እያመረቱ ነው። ክፍለ ጦር 84፣ ሁሉም ዘጠኝ እግረኛ ሻለቃ ብቻ፣ ሌላ ምንም ያልተጨመረበት፣ የ1936ቱ ቴምፕሌት (የክፍለ ጦሩ አደረጃጀት) እንዳለ። ሊቢያ ላይ ያለው ጦር ደግሞ ስንቅ አልደርስ ብሎት ከስቷል።

ጥያቄዬ ይህን ሁሉ ትጥቅ ምን ላድርገው ነው። ላም አለኝ በሰማይ ሆነብኝ።

ምንሽር_ብቻ (ጀሞ) ዓርብ ማታ 4:22

ጥያቄው ራሱ አልገባኝም። ጠመንጃ አለህ? ጦር አውጣ። 118 ሺህ ጠመንጃ ይዞ ምን ላድርግ የሚል ንጉሥ አይቼ አላውቅም።

አምስተኛ_ፎቅ ዓርብ ማታ 4:25

ወንድሜ የሰው ኃይል 6,000 ነው ብያለሁ እኮ። ማንን ላውጣ?

ምንሽር_ብቻ ዓርብ ማታ 4:27

የምልመላ ሕጉን ከፍ አድርገው። 5 በመቶ ላይ ከሆንክ 10 አድርገው። 10 ላይ ከሆንክ 20። እኔ 25 ድረስ ሄጄ አውቃለሁ።

ሞዴል19 (ቃሊቲ) ዓርብ ማታ 4:51

ልጆች፣ እንደምን አመሻችሁ። እኔ እዚህ መድረክ ላይ ብዙ አልጽፍም። ጌሙን ያስተማረኝ ልጄ ነው፤ ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ ከሱ በላይ የምጫወተው እኔ ሆኛለሁ። ሥራዬ ግን ሠላሳ ዓመት ሙሉ ንብረት ክፍል ነበር፤ ስለዚህ መጋዘን ሲባል ዝም ማለት አልችልም።

በመጀመሪያ እንቁጠር። አንድ እግረኛ ሻለቃ በጌሙ 100 ጠመንጃና 1,000 ሰው ይወስዳል። (አንድ ጠመንጃ ለአሥር ሰው መሆኑ አያስደንግጣችሁ፤ የጌሙ «አንድ» ጥቅል ነው እንጂ አንድ አፈሙዝ አይደለም።) የልጁ ክፍለ ጦር ዘጠኝ ሻለቃ ነው፤ 900 ጠመንጃ፣ 9,000 ሰው። 118,000ን ለ900 ስናካፍል 131 ክፍለ ጦር ይወጣዋል። ለ131 ክፍለ ጦር የሚያስፈልገው ሰው 1,179,000 ነው። ያለው 6,000። ለአንዱም አይሞላም።

እንግዲህ ምንሽር ብቻ የምትባለው ልጅ፣ ሕጉን እስከ ጣሪያው ብታወጣው እንኳ ሰውየው ከእርሻና ከፋብሪካ ነው የሚመጣው፤ ጌሙም ይህን ያውቃል፣ ከላይ ያሉትን ሕጎች ስትነካ ማምረቻውና ግንባታው ይቀዘቅዛሉ።

በእኛ ቤት ዕቃ የሚገባው በሞዴል 19 ነው፣ የሚወጣው በሞዴል 22። ሰኔ 30 ቆጠራ ሲደረግ የአንድ ዕቃ ገቢ ካርዱን ሞልቶት ወጪው ባዶ ከሆነ ማንም መጋዘን ጠባቂውን አይጠይቅም። ግዥ ክፍል ሄዶ «ይህን ማን አዘዘ?» ነው የሚባለው።

ለቡ_ጣቢያ ዓርብ ማታ 5:15

ጋሼ ልክ ብለዋል፤ ግዥ ክፍሉ ደግሞ አንተው ነህ አምስተኛ ፎቅ። በ1936 የነበረህን ትእዛዝ በ1943ም አልቀየርክም።

እኔ ይህን ስህተት አራት ጊዜ ሠርቼዋለሁና ዘርዘር ላድርገው። የማምረቻ መስመር ቅልጥፍና አለው። አዲስ መስመር ሲከፈት 10 በመቶ ላይ ይጀምራል፣ ቀስ እያለ ይወጣል፤ ምርምር ካልጨመርክበት ጣሪያው 50 ነው። የጠመንጃህ መስመር ሰባት ዓመት ሙሉ ሳይቋረጥ ስለሠራ አሁን ጣሪያው ላይ ተቀምጧል፤ ስለዚህ ነው በየቀኑ የሚያጎርፍልህ። ሰው የሚፈራው ይህን መስመር መንካት ነው። «ይህን ቅልጥፍና ላጥፋው?» ትላለህ። ግን የማትፈልገውን ነገር በጥሩ ቅልጥፍና ማምረት ምን ይጠቅምሃል?

ስለዚህ መስመሩን ራሱን ወደ መኪና አትቀይረው። ከ14ቱ ፋብሪካ 10ሩን ንቀል፣ 4ቱን እዚያው ተው። የቀሩት 4 ቅልጥፍናቸውን ይዘው ይቆያሉ፣ በጦርነት የሚጠፋውንም ይተካሉ። 10ሩን አዲስ መስመር ከፍተህ የጭነት መኪናና ባቡር ላይ አድርግ። ከ10 በመቶ ነው የሚጀምሩት፣ የመጀመሪያዎቹ ወራት ያስለቅሱሃል።

መኪና ለምን ትለኝ ይሆናል። ከኖ ስቴፕ ባክ ወዲህ (ኖቬምበር 2021 የወጣው የጌሙ ማስፋፊያ) ስንቅ የሚሄደው በባቡር እስከ አቅርቦት ጣቢያ፣ ከጣቢያው ወደ ጦሩ ደግሞ በፈረስ ወይም በመኪና ነው። ጣቢያው ላይ ፈረሱን ወደ መኪና የምትቀይርበት ቁልፍ አለ። መኪና ከሌለህ ቁልፉን ብትጫነውም ባዶ ነው። ሊቢያ ላይ ባቡሩ ለስሙ ያህል ነው፣ በረሃ ነው፣ ጦሩም በዝቷል። ሮሜልም እዚያው በረሃ ላይ ያለቀሰው በነዳጅና በመኪና እንጂ በጠመንጃ አልነበረም።

እኔ ቤቴ ለቡ ነው፣ የጅቡቲው ባቡር ሲያልፍ መስኮቴ ይንቀጠቀጣል። ለዚህ ይሆናል ከጠመንጃ ይልቅ ባቡር የምወደው።

ቱሉድምቱ_ብሎኬት ዓርብ ማታ 5:40

እኔ ጌሙን ከጀመርኩ ገና ሁለት ወር ነው፣ ስድብ እንዳይመጣ። ሥራዬ ብሎኬት ማምረት ነው። አምና ሲሚንቶ ይወደዳል ብዬ 300 ኩንታል ገዝቼ መጋዘን ከተትኩ። ክረምቱ ገባ፣ ጣሪያው አፈሰሰ፣ ግማሹ ድንጋይ ሆነ። ይሄ ጠመንጃስ አይበላሽም? ካልተበላሸ ተቀምጦ ቢቆይ ምን ችግር አለው?

ለቡ_ጣቢያ ዓርብ ማታ 5:48

ጥሩ ጥያቄ ነው፣ ማንም አይሰድብህም። ጠመንጃ አይበላሽም፤ እስከ ጌሙ መጨረሻ ቢቀመጥ ያው ነው። የሲሚንቶህ ዓይነቱ ነዳጅ ነው። ማጠራቀሚያው ከሞላ በኋላ የሚመጣው ሁሉ ዝም ብሎ ይጠፋል፣ ማንም አይነግርህም። የጦር ሠራዊት ልምድ ነጥብም እንዲሁ ነው፣ 500 ላይ ይቆማል። ጠመንጃ ላይ የሚጠፋው ጠመንጃው አይደለም፣ ያንን ሲያመርት የዋለው ፋብሪካ ነው።

ቱሉድምቱ_ብሎኬት ዓርብ ማታ 5:50

ገባኝ። ማለትም በዚያ ብር አሸዋ ብገዛበት ኖሮ ነው።

የሱሉልታዋ ቅዳሜ ጠዋት 2:30

ማታ መብራት ስላልነበረ አሁን ነው ያነበብኩት። ለቡ ጣቢያ የጻፈው በሙሉ ትክክል ነው፤ ግን አንድ ነገር ዘሏል፣ እሱ ካልተፈታ ደግሞ ሌላው ሁሉ ወረቀት ላይ ይቀራል።

የጭነት መኪና መስመር ብረት ብቻ ሳይሆን ጎማም ይፈልጋል። ኢትዮጵያ ውስጥ ጎማ የለም። ከውጭ ለመግዛት አንድ ሲቪል ፋብሪካ ሰጥተህ 8 ታገኛለህ፤ ግን ከማን? የዓለም ጎማ ያለው ማላያና የደች ኢስት ኢንዲስ ነው። ማርች 1943 ላይ ከሆንክ ጃፓን ሁለቱንም ይዛቸዋለች ማለት ነው (በእውነተኛው ታሪክ ሲንጋፖር የወደቀችው ፌብሩዋሪ 15 ቀን 1942 ነው)። አንተ ከእንግሊዝ ጋር ነህ፣ ጃፓን ጠላትህ ናት፣ አትሸጥልህም። 10 ፋብሪካ መኪና ላይ ብታደርግ ጎማ የለም የሚል ቀይ ምልክት ይዘው ይንፏቀቃሉ።

ስለዚህ አካሄዴ ይህ ነው። መኪናውን እራስህ በብዛት አታምርተው፤ አሜሪካን ለምናት። ዲፕሎማሲ ውስጥ ሌንድ ሊዝ (ትጥቅና ዕቃ ለወዳጅ አገር መስጠት) ጠይቅ የሚል አለ፤ በአንድ ወገን ጦርነት ላይ ከሆናችሁ ብዙ ጊዜ የሆነ ነገር ይሰጣል። ከዚህ ጎን ለጎን ሰው ሠራሽ ማጣሪያ ገንባ፣ ጎማም ነዳጅም ይሰጣል። ውድ ነው፣ ጊዜም ይወስዳል፣ ግን 1945 ላይ ታመሰግነኛለህ። ከ10ሩ ፋብሪካ ሦስቱን መኪና ላይ፣ የቀረውን ባቡር ላይ አድርግ። ባቡር ጎማ አይፈልግም።

ጠመንጃውን ደግሞ ለቻይና ስጥ። አገሪቱን ክፈትና እያት። ሰው ሞልቷል፣ ጠመንጃ የለም። የአንተ ተቃራኒ ናት። አንተ ዘንድ የሚዝገው 118,000 እዚያ ሲደርስ በአንድ ወር ውስጥ ትከሻ ላይ ይወጣል።

ምንሽር_ብቻ ቅዳሜ ጠዋት 2:58

ለቻይና? በነጻ? ሰባት ዓመት ሙሉ የለፋነውን? እህቴ ይቅርታ አድርጊልኝ፣ ይሄ ስትራቴጂ አይደለም፣ ምጽዋት ነው። ቢያንስ ይሽጠው። የጌሙ ዓለም አቀፍ የመሣሪያ ገበያ ምን ሊሠራ ተሠራ?

የሱሉልታዋ ቅዳሜ ጠዋት 3:05

ምጽዋት አይደለም። ቻይና በያዘችው እያንዳንዱ ጠመንጃ የጃፓን ጦር እዚያው ታስሮ ይቀራል። እዚያ የታሰረ ጦር ማላያን አይጠብቅም። ማላያ ስትፈታ ጎማው ይመጣል። ጠመንጃህን ሰጥተህ ጎማ ነው የምታገኘው፤ መንገዱ ስለረዘመ ብቻ ስጦታ ይመስልሃል።

ገበያውን ግን እስማማለሁ፣ ካለው ይሽጥ። ገዢው ሲቪል ፋብሪካ ይመድብልሃል፣ በዚያ ማጣሪያውን ትገነባለህ። በጣም ጥሩ መንገድ ነው።

አምስተኛ_ፎቅ ቅዳሜ ጠዋት 3:20

ገበያው የለኝም። እሱ ከአርምስ አጌንስት ቲራኒ ጋር ነው የሚመጣው፣ በ2023 ከወጣው የሚከፈልበት ማስፋፊያ። እኔ የውጭ ካርድ የለኝም፤ የአጎቴ ልጅ ከውጭ ሆኖ ባይ ብለድ አሎንን ብቻ ነው በስጦታ የላከልኝ፣ የኢትዮጵያው ዛፍ (አገሪቱ የምትመርጣቸው የውሳኔዎች ሰንሰለት) ያለበት እሱ ስለሆነ። ሁለተኛ ልለምነው አፍሬአለሁ። ሌንድ ሊዝ ግን ያለ ምንም ተጨማሪ አለ።

ምንሽር_ብቻ ቅዳሜ ጠዋት 3:24

እሺ፣ ግን እኔ አሁንም አልተቀበልኩም። ጠመንጃ ለባዕድ አይሰጥም።

ሞዴል19 ቅዳሜ ጠዋት 4:02

ልጄ፣ እኔ አያቴ ማይጨው ዘማች ነበር። መጋቢት 22 ቀን 1928። ሲያወራልን ያደግነው አንድ ነገር ነው፦ ከኋላው የሚሄድ ወንድሙ መሣሪያ አልነበረውም፣ ሰው ሲወድቅ ለማንሳት ነበር የሚከተለው። ውጅግራ የያዘው ጥይት የለው፣ ጥይት ያለው ጠመንጃው ሌላ። ሰው እንደ አሸዋ ነበር፤ የጠፋው ትጥቁ ነው።

በ1935 (በፈረንጅ) እንግሊዝና ፈረንሳይ ለሁለታችንም መሣሪያ አንሸጥም አሉ። ለጣሊያን ምን ይጎዳዋል? ራሱ ያመርታል። የተጎዳነው እኛ ነን። በዚያ ዓመት የሆነ አገር መጋዘኑ ውስጥ 118,000 ትርፍ ይዞ «ለባዕድ አይሰጥም» ብሎ ተቀምጦ ነበር ብለህ አስብ።

በኋላ፣ ጃንሆይ ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ከተመለሱ በኋላ ማለቴ ነው፣ አሜሪካ በፈረንጅ 1941 ያወጣችው የሌንድ ሊዝ ሕግ ለኢትዮጵያም ተፈቀደ፤ ስምምነቱ በ1943 ተፈረመ። ይህ ልጅ አሁን ጌሙ ውስጥ ያለበት ዓመት ማለት ነው። እኛ ተቀባይ ነበርን። አንድ ጊዜ ሰጪ ብንሆን፣ በጌምም ቢሆን፣ ለእኔ ደስ ይለኛል።

ምንሽር_ብቻ ቅዳሜ ጠዋት 4:10

ጋሼ በዚህ ከመጡብኝ ምን እላለሁ። ይስጥ። ግን አሮጌውን ይስጥ፣ አዲሱን አይንካ።

ለቡ_ጣቢያ ቅዳሜ ጠዋት 4:19

አሁን ምንሽር ብቻ ሳያውቀው ቁም ነገር ተናገረ። አምስተኛ ፎቅ፣ 118,000ው ስንቱ አሮጌ ነው? አዲስ ሞዴል ጠመንጃ ባወጣህ ቁጥር ጦሩ አዲሱን ይይዛል፣ አሮጌው ወደ መጋዘን ይመለሳል። የአንተ ትርፍ ግማሹ የ1936 ዕቃ ነው ብዬ እጠረጥራለሁ። እሱን ለሊቢያ ጥበቃ ጦር መድበው። የቴምፕሌቱ መሣሪያ ምርጫ ውስጥ ገብተህ አዲሱን ዝጋበት፣ አሮጌውን ብቻ እንዲወስድ አድርግ። ጥበቃው አሮጌ ጠመንጃ ቢይዝ ማንም አይቀጣህም። እግረ መንገድህን ጥበቃውን ፈረሰኛ አድርገው፣ ወታደራዊ ፖሊስ ጨምርበት፤ የሚበላው ሰው ይቀንሳል። የወረራ ሕጉን ወደ አካባቢ ፖሊስ ብትለውጠው ደግሞ ይብሱን ይቀንሳል። አንድ ሰው እንኳ ለአንተ ብዙ ነው አሁን።

ዝም_ብዬ_አነባለሁ ቅዳሜ ቀን 7:00

አንድ ነገር ልጨምር፣ ከርዕሱ ትንሽ ይወጣል። ትርፍ ክፍለ ጦሮቹን በትን። ላፕቶፕህም ይተነፍሳል። የእኔ 8 ጊጋ ነው፣ ከ1942 በኋላ አንድ ቀን ለማለፍ ቡና ይፈላል።

የሱሉልታዋ ቅዳሜ ቀን 7:12

የሱ 84 ቢበተን ላፕቶፑ ብዙም አይሰማውም። የሚያስረው የዓለሙ ጦር ሁሉ ነው፤ ሶቪየትና ጀርመን ብቻ ስንት መቶ አላቸው። ግን መበተኑን እደግፋለሁ፣ በሌላ ምክንያት። የሰው ኃይሉ ወደ ቋት ይመለሳል፣ ሊቢያ ላይ የሚበላ አፍም ይቀንሳል።

አምስተኛ_ፎቅ እሑድ ማታ 2:45

ሪፖርት። ትናንት ከሰዓት በኋላ ጀምሬ፣ መብራት ሁለቴ ሄዶብኝ (ባትሪዬ ሞቷል፣ በየወሩ ሴቭ እያደረግኩ ነው የምሄደው)፣ አሁን ኦክቶበር 1943 ላይ ነኝ።

መጀመሪያ ያደረግኩት ሊቢያ ላይ 20 ክፍለ ጦር መበተን ነው። 180,000 ሰው ተመለሰ። ደስ አለኝ። ከዚያ መጋዘኑን ሳየው ጠመንጃው 136,000 ሆኗል። ለካ ክፍለ ጦር ሲበተን ጠመንጃውም አብሮ ይመለሳል! ትርፍ ልቀንስ ብዬ 18,000 ጨመርኩ። ብቻዬን ሳቅኩ፣ ታናሽ እህቴ መጥታ አየችኝ።

የቀሩት 64 ግን ሊቢያ ላይ መብላት ጀመሩ። እንዲያውም መኪና ሳይመጣ ነው ቀዩ ምልክት ከግማሹ ላይ የጠፋው፤ ችግሬ ከመኪናው እኩል የሰዉ ብዛት ነበር።

10 ፋብሪካ ነቀልኩ። ሦስቱ መኪና ላይ ናቸው፣ የሱሉልታዋ እንዳለችው ጎማ የለም ብለው እየተንፏቀቁ ነው። ሰባቱ ባቡር ላይ፤ ባቡር 12 የነበረው አሁን 70 ነው። አሜሪካን ለመንኩ፣ 300 መኪና ሰጠኝ። 300ው ሲገባ ጋሼን ነው ያሰብኩት።

60,000 ጠመንጃ፣ ሁሉም አሮጌ፣ በሞቃዲሾ በኩል ወደ ቻይና ላክሁ። የመጀመሪያውን ጭነት የጃፓን ሰርጓጅ መርከቦች መንገድ ላይ አገኙት፣ ጥቂት ኮንቮይ (የጭነት መርከብ) ሰጠመ፣ የተጫነውም አብሮ ሄደ። ከዚያ በኋላ ያለው ደርሷል። የቻይና መስመር ከሦስት ወር ወዲህ አልተነቃነቀም። በፊት በየሳምንቱ ወደ ኋላ ነበር። ማላያ ገና ናት።

ምንሽር_ብቻ እሑድ ማታ 2:52

የሰጠመው ያንገበግባል።

የሱሉልታዋ እሑድ ማታ 2:58

አንድ ጊዜ በጅምላ ላክኸው መሰለኝ። በየወሩ የሚሄድ አድርገው፣ ትንሽ ትንሽ። አንዱ ቢጠፋ ሌላው ይደርሳል። የጦር መርከብ ስለሌለህ አጃቢ የለህም፣ እንግሊዝ በሚጠብቀው ባሕር በኩል እንዲያልፍ ብቻ ተመኝ።

ቱሉድምቱ_ብሎኬት እሑድ ማታ 3:10

ሁላችሁም ጠመንጃ ጠመንጃ አላችሁ። መድፎቹስ? 3,200 ብሎ ነበር።

ለቡ_ጣቢያ እሑድ ማታ 3:16

ጀማሪው ነው ያስታወሰን። ሙሉ የመድፍ ሻለቃ 36 መድፍና 500 ሰው ይበላል፣ ለአንተ ሰዉ ውድ ነው። የድጋፍ መድፍ ምድብ ግን 12 መድፍና 300 ሰው ብቻ ነው፣ ለዚያ ሰው የሚሰጠው ምት ደግሞ የትም አታገኘውም። ዘጠኝ እግረኛ ሻለቃ ብቻ ያለው ክፍለ ጦር ላይ አንድ ምድብ ጨምር። መሐንዲስም ጨምር፤ 30 የድጋፍ ቁሳቁስ ይወስዳል፣ ያ 9,000ህም ሥራ ያገኛል። የልምድ ነጥብህ 500 ላይ ቆሞ እየፈሰሰ ነው ብዬ እገምታለሁ፣ ቴምፕሌቱን ለመቀየር እሱን ተጠቀም።

አምስተኛ_ፎቅ እሑድ ማታ 3:21

500 ላይ ነው የቆመው፣ ከ1940 ጀምሮ። ለምን እንደሆነ አላውቅም ነበር።

አምስተኛ_ፎቅ እሑድ ማታ 3:50

ቴምፕሌቱን ቀየርኩት። ለ64ቱም መድፍና መሐንዲስ። ከመጋዘን 768 መድፍ፣ 1,920 የድጋፍ ቁሳቁስ ወጣ። ሰው ለሁለቱ 38,400፣ ይበቃል። ነገ ሥራ አለኝ፣ ከኮዬ ለመውጣት በ11 ሰዓት መነሳት አለብኝ። ጋሼ፣ ይመልከቱልኝ፣ ልክ ነው?

ሞዴል19 እሑድ ማታ 4:05

64 በ12፣ 768። 64 በ30፣ 1,920። ልክ ነው። ሞዴል 22 ቁረጥለት፣ እኔ እፈርማለሁ።